ሚዜነት የቀረባት እህት

ሎሬታ ሁዳክ በአርባ አራት ዓመቷ አንድ ነገር አማራት፤ የታናሽ እህቷ የጃኒን አንደኛ ሚዜ መሆን። በቃ፣ ሌላ የለም። በሆስፒታሉ ልብስ ማጠቢያ ቤት ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ አንሶላ ስትተኩስ የኖረች፣ ከሥራ ስትወጣ እግሯ ጫማ አልገባ የሚላት ሴት ናት፤ ከዚህ ዓለም ብዙ መጠየቅ ከተወች ቆይታለች። ይህቺን ግን ጠየቀች። ለዚያውም በልቧ እንጂ በአፏ አይደለም።

ነገሩ ወዲህ ነው። እናታቸው ስትሞት ሎሬታ ሃያ፣ ጃኒን ደግሞ ሰባት ዓመቷ ነበር። አባትየው የብረት ፋብሪካው ከተዘጋ ወዲህ ከሶፋው አልነሳ ብሏል። ስለዚህ ሎሬታን «አንቺ ትልቅ ነሽ» አሏት፤ አለቀ። ፀጉር አበጠረች፣ ምሳ ቋጠረች፣ ትምህርት ቤት «ወላጅ ይቅረብ» ሲባል ቀረበች። አንድ የወንድ ጓደኛ ነበራት፤ ጃኒን ኩፍኝ ይዟት ሦስት ሳምንት ቀጠሮ ብትሰርዝበት የጎረቤቱን ልጅ አገባ። አይ ወንድ! ሎሬታ ግን አላማረረችም፤ የምታማርርበት ጊዜም አልነበራትም።

ጃኒን ከክሬግ ጋር ቀለበት ካሰረች ጀምሮ ሎሬታ ተለወጠች። ለሥራ ባልደረቦቿ «ሐምራዊ ያስለብሱን ይሆናል፣ ሐምራዊ ደግሞ ያጠቁረኛል» እያለች ስትነጫነጭ ደስታዋ ያስታውቅ ነበር። አንድ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ጃኒን ወፍራም ማኅደር በብብቷ ይዛ ስትመጣ፣ ሎሬታ በመስኮት አየቻትና ሮጣ ሊፒስቲክ ተቀባች።

«ሎሪ፣ አንድ ትልቅ ነገር ልጠይቅሽ ነው የመጣሁት።»

«እሺ!»

«ቆይ እንጂ፣ ገና መቼ አልኩና!» ጃኒን ሳቀች። «የኩኪሱን ጠረጴዛ ያዢልኝ። ሁሉንም ነገር፤ መጋገሩን፣ ከዘመድ መሰብሰቡን፣ በሰርጉ ቀን መጠበቁን።»

ሎሬታ ፈገግታዋ ፊቷ ላይ ደረቀ። «ሚዜዎቹስ?»

«ኮርትኒ አንደኛ ናት። ከዚያ የክሬግ ሁለት እህቶች። ኮርትኒን ታውቂያት የለ፣ ኮሌጅ አንድ ክፍል የነበርነው?»

እንዴት አታውቃት! ሦስት ቀን እንግድነት መጥታ የመታጠቢያ ገንዳውን በፀጉሯ የደፈነችው። ሎሬታ ግን «ጥሩ ልጅ ናት» አለች፤ ቀጥላም «ምሳ በልተሻል?» አለቻት።

እንግዲህ በእኛ በፒትስበርግ ዙሪያ ሰው የሙሽራዋን ቀሚስ ይረሳል፣ የኩኪሱን ጠረጴዛ ግን ሃያ ዓመት ያማል። ዘመድ አዝማድ ሁሉ በየዓይነቱ ጋግሮ ያመጣል፤ ስንት ሺህ እንደተደረደረ፣ የማን እንደሻገተ፣ የማን ቅቤ እንደጎደለው ይነገራል። ያንን ጠረጴዛ የምትይዘው ደግሞ የሙሽራዋ እናት ናት። ስለዚህ ወሬው በተሰማ ጊዜ ሰፈርተኛው ሁሉ ሎሬታን እንኳን ደስ ያለሽ አላት። እሷም አመሰገነች። ምን ታድርግ? እናትነቱን እስከ አንገቷ ጠግባዋለች፤ የራባት ሌላ ነው ብላ ለማን ትናገር?

ሆድ ለባሰው ማጭድ አታውሰው ይባላል፤ ሎሬታን ግን ሃምሳ ኪሎ ዱቄት ሰጧት። ስድስት ሳምንት ከሥራ መልስ ጋገረች። የለውዝ ጥቅሉን፣ እንደ ዳንቴል የሳሳውን የጣሊያኖቹን፣ ያንን በእንጨት የልብስ መቆንጠጫ ላይ እየተጠቀለለ የሚጋገረውን፣ አንድ በአንድ። የእናቷ እህት አክስት ቬሮና ልታግዛት መጣችና ሽርጥ እያሰረች አየቻት።

«ሊጡ ምን በድሎሽ ነው እንዲህ የምትደበድቢው?»

«ደክሞኝ ነው አክስቴ።»

«ድካምማ አውቃለሁ። ይሄ ድካም አይደለም፤ ፊትሽ ወተት ያረጋል።»

ሎሬታ እጇን በሽርጧ ጠረገች። «ሚዜ አላደረገችኝም።»

ቬሮና እስኪያስላት ሳቀች። «በዚህ ወገብሽ ሳቲን ለብሰሽ ከነኮርትኒ ጋር ልትዘዪ? ተመስገን በይ! የእናትሽን ቦታ ነው እኮ የሰጠችሽ፤ ክብር ነው!»

«ክብሩን እርስዎ ይውሰዱት።»

«ምን አልሽ?»

«ቅቤውን ያቀብሉኝ አልኩ።»

የሰርጉ ዕለት ሎሬታ በቤተ ክርስቲያኑ የፊት ወንበር፣ እናት በምትቀመጥበት፣ ከአባቷ ጎን ተቀመጠች። ኮርትኒ አበባ ይዛ ከጃኒን አጠገብ ቆማለች፤ ሐምራዊ ለብሳለች። ቃል ኪዳኑ እንዳለቀ ሰዉ ለፎቶ ሲሰለፍ ሎሬታ ድግሱ ወደሚደረግበት ወደ እሳት አደጋ ሠራተኞቹ አዳራሽ በረረች፤ ጠረጴዛው ያለ ጠባቂ አይተውማ። ሙሽሮቹ ገብተው የመጀመሪያዋን ሳይቀምሱ ማንም አይነካም፤ ሕጉ ነው። ሕጉን የሚያከብር ግን ከየት ይምጣ? የክሬግ አክስት የእጅ ቦርሳዋን ውስጡን በፎይል አልብሳ መጥታለች።

«ላየው ብቻ ነው የኔ ቆንጆ።»

«በዓይንዎ ይዩት፤ ቦርሳው ዓይን የለውም።»

እንዲህ ስትሟገት ሁለት ሰዓት ቆመች። የቤተሰቡን ፎቶ ያለ እሷ ተነሱ፤ «ሎሪ የት አለች?» ብሎ የጠየቀ እንኳ ስለመኖሩ አታውቅም። ማወቁንም አልፈለገችም፤ መቀመጥ ብቻ ነበር የፈለገችው።

ሙሽሮቹ ገቡ፣ ቀመሱ፣ ሰዉ ጠረጴዛውን ወረረው። ጃኒን ቀሚሷን ሰብስባ ወደ ጠረጴዛው ኋላ ዞራ መጣች፤ ጉንጯ በደስታ ቀልቷል።

«ሎሪ! ሰው ሁሉ የሚያወራው ስለ ጠረጴዛው ነው! እማማ ብትኖር እንኳ እንዲህ አታደርገውም። አንቺ ለእኔ እማማ ነሽ።»

«አይደለሁም» አለች ሎሬታ።

«ምን?»

«እናትሽ አይደለሁም። እናትሽ ሞታለች።» ድምፅዋ ያስፈራ ነበር፤ ራሷንም አስፈራት። «እናት ልሁን ብዬ ማንን ለመንኩ? አንቺም አልለመንሽኝም፤ ሕፃን ነበርሽ። ግን አንድ ቀን፣ ጃኒን፣ አንዲት ቀን እህትሽ ሆኜ አጠገብሽ ብቆም ምን ነበረበት? ያንን አስቀያሚ ሐምራዊ ቀሚስ ብለብስስ?»

«አስቀያሚ ነው እንዴ?»

«ያስጠላል።»

ጃኒን ዓይኗ እንባ አቀረረ። ልታባብላት ግን አልሞከረችም፤ እሷም ሆዷ ውስጥ የቆየ ነገር ነበራት። «ልንገርሽ? ለኮርትኒ የፈለግኩትን አወራታለሁ። ስለ ክሬግ፣ ስለ ፍርሃቴ። አንቺ ጋ ስመጣ ‹በልተሻል ወይ? ሹራብሽስ?› ነው። ሚዜዬ ብትሆኚ ቀኑን ሙሉ ስታስተካክዪኝ ትውያለሽ። ፀጉሬን፣ አፌን፣ አረማመዴን! ፈራሁ፣ ሎሪ። በሰርጌ ቀን እንኳ ልጅሽ መሆን ደከመኝ።»

እውነት ነዋ! እውነት ስለሆነም ሎሬታን አቃጠላት። ሃያ አራት ዓመት አንዷ ስታዝ ሌላዋ ስትታዘዝ፣ አንድ ቀን እንኳ ተጣልተው አያውቁም፤ ይሄ የመጀመሪያቸው ነው። ለካ ሁለቱም ደክሟቸው ነበር።

«ሙሽራዋ ወደ ዳንስ!» ብሎ ማይክራፎኑ ጮኸ። ጃኒን ዓይኗን በመዳፏ ጠረገች። «ልሂድ» አለች፤ ሎሬታም «ሂጂ» አለቻት።

ጃኒን ስትዞር የቀሚሷ ጠርዝ ከኋላ ተተርትሮ መሬት ይጎትታል። ሎሬታ አየችው። እጇ ሳታዝዘው ሽርጧ ላይ ወደሰካችው መርፌ ቁልፍ ሄደ፤ አፏም «ጃ—» ብሎ ነበር። ዋጠችው። እጇን አውርዳ ጠረጴዛውን ጭምድድ አድርጋ ያዘች። እንደዚያ ቀን ከባድ ሥራ ሠርታ አታውቅም።

ጃኒን አምስት እርምጃ ሄደች። በስድስተኛው ተረከዟ ጠርዙን ረገጠና ወደ ፊት ተንደርድራ የክሬግን አጎት በከረባቱ አንቃ ቆመች። ሰውየው ፊቱ በርበሬ መሰለ። አዳራሹ «ውይ!» አለ። ጃኒን ከረባቱን እንደጨበጠች ዞራ ታላቋን ፈለገች።

ሎሬታ ሳቋ አመለጣት። አፏን በሁለት እጇ ብትይዘውም አልሆነም፤ ጠረጴዛውን ተደግፋ፣ እንባዋ እስኪወርድ ተንከተከተች።

«ምን ያስገለፍጥሻል?!» ብላ ሙሽሪት ከአዳራሹ ማዶ ጮኸች።

«አረማመድሽ!»

ጃኒን በቄሱ ፊት፣ በአማቶቿ ፊት፣ ምላሷን አውጥታ አሳየቻት።

አክስት ቬሮና እየሮጠች መጥታ የሎሬታን ክንድ ጎተተች። «ምን ይገትርሻል አንቺ? ሂጂ፣ ቀሚሷን ያዢላት እንጂ!»

ሎሬታ ወንበር ስባ ተቀመጠች፤ ጫማዋንም አወለቀች።

«ሚዜ አላት፣ አክስቴ» አለች። «እኔ እህቷ ነኝ።»