እሺ እያልን ያለፍናት ፋይል

ላፕቶፓችን በተከፈተ ቁጥር አንድ መልእክት ያወጣ ነበር፤ የኃይል አጠቃቀምን የሚቆጣጠር አንድ የላይብረሪ ፋይል ስለጠፋ ፕሮግራሙ ሊነሳ አልቻለም የሚል። ከሥሩ «እሺ» የምትል ቁልፍ አለች። እሷን ስንጫን መልእክቱ ይሄዳል፣ ኮምፒውተሩም ሥራውን ይቀጥላል። ፋይሏ የጠፋችው ከፍላሽ የገባ ቫይረስ ሲጸዳ አብራ ተጠርጋ ነው። ባሕር ዳር ውስጥ ፍላሽ የማይዋዋስ ቢሮ የለም፤ እንዲህ ያለ መልእክት ማንንም አያስደነግጥም። የሚሠራ ዕቃ ምን አስነካን ብለን ተውነው።

አባቴና ጎርጎራ የሚኖሩት ታላቅ ወንድማቸው ተኳርፈው ዓመታት አልፈዋል። እናታቸው ጎርጎራ ሲሞቱ አባቴ ከባሕር ዳር እስኪደርሱ ቀብሩ አልተጠበቀላቸውም። «የእናቴን ፊት የከለከለኝ ወንድሜ ነው» አሉ፤ ከዚያ በኋላ የአጎቴ ስም ቤታችን ውስጥ ተነስቶ አያውቅም። ግትርነት የዘራችን ነው፤ እኔም አልተረፍኩም።

በመጨረሻ ሽማግሌ ገባ። አባቴ ጉልበታቸውን ስለሚያማቸው ዕርቁ በቪዲዮ ይሁን ተባለ። በስልክ ስክሪን ደግሞ ፊት መለየት አይችሉም፤ ስለዚህ ላፕቶፑ ወጣ። አንድ ጎረቤታችን በሽማግሌነት ከእኛ ጋር ተቀመጡ። መብራት ከጠዋት ጀምሮ አልነበረም፤ የባትሪው ምልክት ግን ሙሉ ነው ስላለ ማንም አልተጨነቀም።

የአጎቴ ፊት ሲመጣ አባቴ ተነሱ። ታናሽ ናቸውና ነጠላቸውን አደግድገው፣ አንገታቸውን ደፍተው ቆሙ።

«በድያለሁ» አሉ አጎቴ። «ልጠብቅህ ይገባኝ ነበር። ይቅር በለኝ።»

አባቴ ቶሎ አልመለሱም። ላፕቶፑ ምንም ሳያስጠነቅቅ ድርግም ያለው በዚያች ዝምታ መሐል ነው። አቀርቅረው ስለነበር አላዩም።

«ጋሸ፣ ይቅር ብየሃለሁ። አንተም ይቅር በለኝ» አሉ፣ ለጨለመው ስክሪን።

«አባየ፣ ጠፍቷል እኮ፤ አልሰሙዎትም» አልኳቸው።

ቀና ብለው አዩትና ነጠላቸውን ፈቱ። «ሽማግሌው ሰምተዋል። ብያለሁ፤ ሁለት ጊዜ አልልም።»

ወዲያው በስልክ ደወልኩ። ያነሳችው የአጎቴ ልጅ ናት። «ፊቴ ላይ ዘጋው ብለው ጓዳ ገብተዋል» አለችኝ። ባትሪ ነው ብዬ ማልኩላት፤ አባቴ ያሉትንም ነገርኳት። ሄዳ ተመለሰች፤ «ይቅር ካለ በራሱ አፍ ይንገረኝ ብለዋል።» አንዱ አይደግምም፣ ሌላው በሰው አፍ አይቀበልም። ሽማግሌዎቹ ቢለምኗቸው ቢለምኗቸው ፈቀቅ አላሉም። ከታረቁ በኋላ የተኳረፉ ሰዎች ያየሁት ያን ጊዜ ብቻ ነው።

ላፕቶፑን እዚያው ባሕር ዳር፣ ግሽ አባይ ሰፈር ወደሚገኝ ጠጋኝ ወሰድኩት። ላይብረሪ ፋይል ማለት ብዙ ፕሮግራሞች በጋራ የሚገለገሉበት የመሣሪያ ሳጥን ነው አለኝ፤ የእኛዋ ባትሪው ምን ያህል እንደቀረው አንብባ የምትናገር ነበረች። እሷ ስለሌለች ምልክቱ ዝም ብሎ ሙሉ ነኝ ይላል። ፋይሏን ለመመለስ ሻይ ጠጥቼ የማልጨርስበት ጊዜ በቃው። ከዚያ ወዲህ ባትሪው ሊያልቅ ሲል ላፕቶፑ ይጮሃል፤ አባቴም በጮኸ ቁጥር ክፍሉን ለቀው ይወጣሉ።

ክረምቱ ሳይወጣ አጎቴ አረፉ። አባቴ ወሬው እንደደረሳቸው ከዘራቸውን አንስተው ብድግ አሉ፤ ስለ ጉልበታቸው አንድ ቃል አልተነፈሱም። ሐይቁን በመኪና ዞረን ስንሄድ መንገዱን ሁሉ፣ «ቀብረውታል፤ አይጠብቁኝም» ይሉ ነበር።

አልቀበሩም። ቀኑ ዘመም ብሏል፣ ቀባሪው ቤተ ክርስቲያኑ ደጅ ዛፍ ሥር ተቀምጧል። የአጎቴ ልጅ መጥታ የአባቴን ጉልበት ሳመች። «ወንድሜ ሳይደርስ አፈር እንዳታለብሱኝ ብለው ነው» አለች። «እርስዎን እየጠበቅን ነው።»

አባቴ ነጠላቸውን አደገደጉና ሬሳው አጠገብ ቆሙ። በዚህ ጊዜ አንገታቸውን አልደፉም። «ጋሸ፣ ይቅር ብየሃለሁ» አሉ፤ ደገሙት፣ ደጋገሙት፣ ሰዎች ክንዳቸውን ይዘው እስኪያስቀምጧቸው ድረስ።