የኔዋ እንዳትወጣ

በፀጉር ቤቱ ውስጥ በስሟ የሚጠራት ሰው አልነበረም። የቤቱ ባለቤት፣ ሠራተኛውም ደንበኛውም እትዬ የሚላቸው ሴት፣ ገና በልጅነቷ ሲቀጥሯት "ቀኝ እጄ" አሏት። ከዚያ ወዲህ ደንበኞቹም በሩን ገፋ እያደረጉ "ቀኝ እጅ የለችም እንዴ?" ይላሉ። መጀመሪያ ሰሞን የተመሰገነች መስሏት ደስ ይላት ነበር። እጅ ከሰውነት ተለይቶ የትም እንደማይሄድ ያሰበችው ቆይታ ነው።

ሥራዋን ትችላለች፤ ይህን የሚክድ የለም። ቢጎዲን ስትጠቀልል ጭንቅላት አታሳምም፤ ቀለም ስትቀባ ግንባር አታበላሽም፤ ፀጉሯ የሳሳባትን ሴት ሳታሳፍር የሳሳውን ትሸፍንላታለች። በዚያ ላይ ጨዋታ ታውቃለች። ካስክ ውስጥ ጭንቅላቷን የከተተች ደንበኛ በሙቁ አየር ጩኸት ደንቁራ "ምን አልሽኝ?" እያለች ስትጮህ፣ እሷ በመስታወቱ ውስጥ በእጇና በቅንድቧ ብቻ የሰፈሩን ወሬ ጨርሳ ትነግራታለች።

እንዲህ ያለችው ሴት አንድ ደካማ ጎን ነበራት፤ አንዲት ዘፋኝ ትወድ ነበር። መውደድ ሲባል ደግሞ ዘፈን ሰምቶ ራስ መነቅነቅ ብቻ እንዳይመስላችሁ። ዘፋኟ ፀጉሯን ግንባሯ ላይ ደፋ አድርጋ በተቆረጠች በሳምንቱ እሷም ተቆረጠች። በክብ ፊቷ ላይ ጨርሶ አላማረባትም። እትዬ "ሲሉ ሰምታ ዶሮ ታንቃ ሞተች" ብለው ቢስቁባት፣ እሷ ወይ ፍንክች። ዘፋኟ ስታገባ ደስታው የቤተ ዘመድ ሆነባት፤ ስትፋታ ደግሞ ሰሞኑን በሙሉ አኮረፈች፤ ማንን እንዳኮረፈች ግን እሷም አታውቀው። በስሟ ጠርታት አታውቅም። "የኔዋ" ነው የምትላት።

እንዲህ ያደረጋት ብቸኝነት ነው። እናቷ በሞተች ዓመት ወደዚህ ከተማ መጥታ ከፀጉር ቤቱ ጀርባ ባለችው ጠባብ ክፍል ስታድር፣ ከሬድዮ የሚወጣው የዚያች ሴት ድምፅ ብቻ ነበር እህት የሆናት። ውለታ ነበረባት፤ ቢያንስ እሷ እንደዚያ ነበር የሚሰማት።

ታዲያ የኔዋ "ዝጉ ቤት" ልትገባ ነው የሚል ወሬ ሲመጣ፣ ፀጉር ቤቱ የሠርግ ቤት መሰለ። ዝጉ ቤት የቴሌቪዥን ውድድር ነው። አሥር ታዋቂ ሰዎች አንድ ቤት ውስጥ ይቆለፋሉ። ስልክ የለ፣ ጋዜጣ የለ፣ በየግድግዳው ካሜራ አለ። ሲበሉ፣ ሲጣሉ፣ ሲያንኮራፉ ሳይቀር ሕዝብ ያያቸዋል። በየእሑዱ ተመልካች በስልኩ ድምፅ ይሰጣል፤ ከሁሉም ያነሰ ድምፅ ያገኘው ይወጣል። በቃኝ ብሎ መውጣት የለም፤ ፈርመው ነው የገቡት።

ቀኝ እጅ ከዚያ በፊት እንዲህ ያለውን ነገር ንቃ ነበር የምታልፈው። "ሰው ሲያዛጋ ቁጭ ብሎ ማየት ምን የሚሉት በሽታ ነው?" ትል ነበር። የኔዋ ከገባች በኋላ ግን ማዛጋቷም ቁም ነገር ሆነ። "አያችሁ? እንቅልፍ አልተኛችም። ያ ኮሜዲያን ሌሊቱን ሙሉ ሲለፈልፍባት አድሮ ነው!" አለችና አብሯት የተቆለፈውን ኮሜዲያን ጠመደችው። የድምፅ መስጫውን ቁጥር በትልቁ ጽፋ በየመስታወቱ ለጠፈች። ካስክ ውስጥ የገባች ሴት ለየኔዋ ድምፅ ሳትሰጥ አትወጣም። "ወይ ድምፅሽን፣ ወይ እዚያው ደርቀሽ ቅሪ!" ትላለች፤ ደንበኞቹ ይስቃሉ፤ እየሳቁም ይሰጣሉ። እነሱ ደግሞ ለእህቶቻቸው፣ ለጎረቤቶቻቸው ይነግራሉ። የኔዋ እሑድ በመጣ ቁጥር ከሁሉም በላይ ሆና ታልፋለች።

በዚያው ሰሞን አንዲት የድሮ ባልደረባዋ ደወለችላት። አጠገቧ ቆማ ፀጉር ስታጥብ የነበረች፣ ኋላ ወደ ሌላ ከተማ ሄዳ የራሷን ፀጉር ቤት የከፈተች ልጅ ናት።

"ሁለተኛው ወንበር ያንቺ ነው" አለቻት። "በሩ ላይ ስምሽን አስጽፈዋለሁ። ስምሽን ነው ያልኩሽ፣ ቀኝ እጅ ምናምን አይደለም። እስከ ሰኞ ሳምንት ንገሪኝ፤ ካልሆነ ሌላ ሰው ልፈልግ።"

መሄድ ፈለገች። በሕይወቷ ምንም ነገር እንደዚህ ፈልጋ አታውቅም። ግን ለእትዬ መንገር ነበረባት፤ እዚያ ላይ ምላሷ ይተሳሰራል። እትዬ ክፉ ቢሆኑ በቀለላት። ክፉ አይደሉም። ስትታመም አጠገቧ ተቀምጠው ያደሩ እሳቸው ናቸው። ልጆቻቸው በየአገሩ ተበትነው በዓመት አንዴ እንኳ ድምፃቸውን አያሰሟቸውም፤ እሳቸውም ለደንበኛ ሁሉ "ከአብራኬ የወጡት ሲሄዱ ይቺ አልሄደችም" እያሉ ይኩራሩባታል። እሷ ይህን በሰማች ቁጥር አንገቷ ላይ ገመድ የተጠመጠመ ይመስላታል። ፈገግ ግን ትላለች።

"እትዬ" ትላለች።

"ወዬ፣ ቀኝ እጄ።"

"ጥቁሩ ቀለም እያለቀ ነው። ልግዛ?"

"ግዢ እንጂ፣ ምን ትጠይቂኛለሽ!"

በዚያ ሳምንት መደርደሪያው በጥቁር ቀለም ጢም አለ። የከተማው ሽበት ሁሉ ቢሰለፍ የሚበቃ ነበር።

ሐሙስ ቀን የዝጉ ቤት አቅራቢ ከውጭ በድምፅ ማጉያ የኔዋን አነጋገራት። "ቤትሽ አልናፈቀሽም?" አላት። የኔዋ ሳቀች። "ወዳጆቼ እስኪጠግቡኝ እዚሁ ነኝ" አለች።

"ውይ ስትጣፍጥ!" አለች ቢጎዲን ተጠቅልላ የተቀመጠች ደንበኛ።

ቀኝ እጅ ግን አፏን አይደለም ያየችው። ጣቷን ነው። የኔዋ እየሳቀች ከግራ ጆሮዋ ጀርባ ያለችውን ፀጉር ትጠመዝዛለች፤ ትጠመዝዝና ትነቅላለች። ያች ቦታ ቆዳዋ እስኪታይ ሳስታ ነበር። ቀኝ እጅ እንዲህ ያለ ጭንቅላት በእጇ ስንቱን ይዛለች! "ሁሉ ሰላም ነው" የሚሉ፣ ቤታቸው ግን እሳት የሆነባቸው ሴቶች፣ ከጆሯቸው ጀርባ እንዲህ ተነቅለው ነው የሚመጡት። ማበጠሪያዋን አስቀመጠች።

"መውጣት ትፈልጋለች" አለች።

"ማን?"

"የኔዋ። ጨንቋታል። እባካችሁ እሑድ ድምፅ አትስጧት።"

ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። ባለ ቢጎዲኗ "አሁን ገና ቀናሽባት!" አለች።

"ሰው የሚወደውን ከቤት ያስወጣል?" አሉ እትዬ። "ምን ነካሽ ልጄ?"

"ፀጉሯን እኮ እየነቀለች ነው፣ እትዬ።"

"ታዲያ አፍ የላትም? ልውጣ ትበላ!"

"እንዴት ትበል? እንደዚህ እየወደዷት በምን አፏ ልሂድ ትበላቸው?" ሁሉም ዘወር ብለው አዩዋት። እትዬ ቀስ ብለው ግንባሯን ዳሰሱና "አተኩሶሻል እንዴ?" አሏት።

ማታ ሁሉም ከሄዱ በኋላ ቁጥሮቹን ከየመስታወቱ ላጠቻቸው። በማግስቱ ጠዋት እትዬ በአዲስ ወረቀት፣ አሳምረው፣ መልሰው ለጥፈዋቸው አገኘች። "ወድቀው ነበር" አሏት፤ "ለየኔዋሽ ብዬ እኮ ነው።" ምን ትበላቸው? ራሷ ያቀጣጠለችው እሳት ነው፤ አሁን እፍ ቢሉት አይጠፋም።

ያን ጊዜ ነው ከራሷ ጋር አንድ ውል የገባችው። የኔዋ እሑድ ከወጣች፣ እኔም ያኔውኑ ለእትዬ እነግራለሁ አለች። የሞኝ ውል ነው። የሌላ ሰው በር ሲከፈት የራሷም አብሮ የሚከፈት መሰላት። ግን ሰው ሲጨንቀው የማይዘው ነገር የለምና፣ እሷም ይህን ይዛ ሦስቱን ቀን አውራ ጣቷ እስኪዝል፣ የኔዋን ይበልጣት ብላ፣ ለዚያ ለጠላችው ኮሜዲያን ድምፅ ስትሰጥ ሰነበተች።

እሑድ ከሰዓት በኋላ ወንበሮቹ ሁሉ ከመስታወቱ ወደ ቴሌቪዥኑ ዞሩ። ሥራ አልነበረም፣ ግን ደንበኞቹ ከነልጆቻቸው መጥተዋል። ቀኝ እጅ ከኋላ፣ ግድግዳውን ተደግፋ ቆመች። የምትናገረውን አዘጋጅታለች፤ "እትዬ፣ አንድ ነገር ልነግርዎ ፈልጌ ነበር" ነው የሚለው፤ ቀለም የሚል ቃል የለበትም።

አቅራቢው ሰውን አንጠልጥሎ አንጠልጥሎ የሚወጣውን ጠራ። ኮሜዲያኑ ነበር። ሰውዬው ሻንጣውን እንኳ ሳያነሳ እየዘለለ ወደ በሩ ሮጠ፤ ደጁ ላይ ቆሞ ሰማዩን ቀና ብሎ ሲያይ እንባው ወረደ። የኔዋ ደግሞ ውድድሩ ከተጀመረ ጀምሮ ማንም ያላገኘውን ድምፅ አግኝታ አለፈች።

ፀጉር ቤቱ በጩኸት ተናወጠ። እትዬ በሰው መሀል ተጋፍተው መጥተው አንገቷ ላይ ተጠመጠሙ። "ያንቺ ሥራ ነው! ያንቺ ሥራ እኮ ነው ይሄ ሁሉ!" አሏት። እውነታቸውን ነው።

"ይሄን ያህል ሲወዱሽ ምን ተሰማሽ?" ይላል አቅራቢው።

የኔዋ ፈገግ አለች። "ምን እላለሁ? እኔም እወዳቸዋለሁ" አለች። ፀጉሯን ከቀኝ ወደ ግራ መልሳ ጆሮዋን ሸፍናዋለች። ቀኝ እጅ ያን አበጣጠር ታውቀዋለች፤ ለስንቷ ሴት አበጥራዋለች። እትዬ አሁንም አቅፈዋታል። የተዘጋጀው ንግግር አፏ ድረስ መጣ።

"እትዬ..."

"ወዬ፣ የኔ ልጅ?"

"እንኳን ደስ አለን" አለች።

በማግስቱ ጠዋት ስልኳ ጠራ። ባልደረባዋ ናት።

"እህሳ፣ ወሰንሽ?"

"አልሆነም" አለች ቀኝ እጅ። "አልለቀቁኝም።"

"ውይ! በጣም ተቆጡ? ምን አሉሽ?"

ቀኝ እጅ መስታወቱን በመዳፏ ትወለውል ጀመር።

"ስሚ እንጂ፣ ስትነግሪያቸው ምን አሉ?" ከዚያም ባልደረባዋ ድምፅዋን አለስልሳ፣ "ነግረሻቸዋል አይደል?"

ቀኝ እጅ ስልኩን በሁለት እጇ ያዘችው። "ቆይ እደውልልሻለሁ፣ ደንበኛ መጣብኝ" አለችና ዘጋችው። ፀጉር ቤቱ ውስጥ ከእሷ በቀር ማንም አልነበረም። ገና አልተከፈተም፤ በሩንም ከውስጥ የቆለፈችው እሷው ነበረች።