ሐሙስ ያወራነው እሑድ ሲሰማ

ይህ የደረሰብኝ በሃምሳዎቹ መጨረሻ፣ ደብረ ብርሃን ስኖር ነው። ከዚያ ወዲህ ስንቱን ረስቻለሁ፤ ይኼን ግን ልርሳው ብልም አልሆነልኝም።

የሰፈር ሴቶች ሐሙስ ሐሙስ እትዬ አስካለ ቤት ተሰብስበን የበግ ፀጉር እንፈትል ነበር። እትዬ አስካለ አንዱን ክፍል ለአንድ ወጣት አስተማሪ አከራይተዋል። ልጁ ድምፅ የሚቀዳ ቴፕ ነበረው።

የዚያን ዕለት ወሬው በለጠች ላይ ወደቀ። በለጠች የልብ ጓደኛዬ ናት፤ አልመጣችም ነበር። ባሏ አቶ ተክሌ ተማሪ ልጃቸውን ደነባ ላለ ሰው ሊድራት ቃል ሰጥቷል።

«እናቲቱስ ዝም አለች?» አለች አንዷ።

«ምን ታድርግ፣ ተክሌ ሲያስል እንኳ ትደነግጣለች!» አለች ሌላዋ። ሳቁ።

ጓደኛዬ ስትታማ አላስችል አለኝ። «በማታውቁት አትግቡ! ሰኞ ጠዋት ልጅቱን አዲስ አበባ እህቷ ጋ ትልካታለች። የአውቶቡሱን ሹፌር የለመንኩላት እኔው ነኝ!» አልኩ። ከአፌ ካመለጠኝ በኋላ ደነገጥኩ። እትዬ አስካለ ሁላችንንም በማርያም አስማሉን። ከሴቶቹ አንዷም ትንፍሽ አላለችም፤ ይኼን እመሰክርላቸዋለሁ።

አስተማሪው ለጨዋታ ብሎ የደበቀው ቴፕ ግን መደርደሪያው ላይ ጨርቅ ለብሶ ይቀዳ ኖሯል።

እሑድ ከቅዳሴ መልስ አስተማሪው ጎረቤቱን ሁሉ፣ አቶ ተክሌንም በለጠችንም ጭምር፣ ጠርቶ «ጉድ ላሰማችሁ» አለ። እሱ ራሱ የሰማው መጀመሪያውን ብቻ ነበር። የሴቶቹ ሳቅ ሲወጣ ወንዶቹ አብረው ሳቁ። «ደግሞ ሳሌን ምን አደረጋችሁት?» አለ አቶ ተክሌም እየሳቀ።

ቀጥሎ የሚመጣውን አወቅሁ። ከዚያ አንዲት ቀጭን፣ ችኩል ድምፅ መጣች። ድምፄን ከዕቃ ሰምቼ አላውቅምና፣ ይቺስ እኔ አይደለሁም ብዬ ለአፍታ ተስፋ አደረግሁ። በለጠች ግን ዞራ አየችኝ።

አስተማሪው ዘሎ ሲያጠፋው ሁሉም ተሰምቶ አልቆ ነበር። አቶ ተክሌ ጋቢውን ሰብስቦ ወጣ። ሰኞ አውቶቡሱ ያለ ልጅቱ ሄደ።

በለጠች ቤት ሄጄ «ቴፑ እኮ ነው፣ እታለም» አልኳት።

«እኔ የነገርኩት ላንቺ ነው» አለችኝና በሩን ዘጋችው።

በኋላ አስተማሪው ጠርቶ ቴፑን እያዞረ አሳየኝ። «ይኸው እትዬ፣ አጥፍቼዋለሁ። አሁን ምንም የለበትም» አለ። እሱ እፎይ ሲል ልጅቱ ደነባ ከገባች ሁለት ሳምንት ሆኗት ነበር።

ሳያስፈቅደን ቢቀዳንም ክፋት አላሰበምና እሱን ይቅር ብዬዋለሁ። እኔ ግን እስከ ዛሬ ወደ ደነባ የሚሄድ አውቶቡስ ሳይ ፊቴን አዞራለሁ።