አክስቴ ቤት የገባሁ ሰሞን

ያደግኩት ከዓለም ተለይቶ በሚኖር የጸሎት ማኅበር ውስጥ ነው። ወላጆቼ ቤት ንብረታቸውን ትተው ሲገቡ እኔ ገና ጨቅላ ነበርኩ። መኪና በማይደርስበት ቆላ አብረን እናርሳለን፣ አብረን እንበላለን፣ አብረን እንጸልያለን። ሬዲዮ የለም፣ መስታወት የለም፤ ሴት ልጅ ድምጿን ከፍ አድርጋ አትናገርም። ክፉዎች ነበሩ ማለቴ አይደለም። ወባ ሲጥለኝ በየተራ እያደሩ ያስታመሙኝ እነሱ ናቸው፤ መርፌና ክርም ያስጨበጡኝ እነሱ ናቸው።

አባቴ ከሞተ በኋላ መሪያችን ሚስቱ ለሞተችበት አንድ ጎልማሳ ሊድሩኝ ወሰኑ። በገበያ ቀን ማር ተሸክመን ከተማ ስንወርድ ግን እናቴ ቀጥታ መናኸሪያ ወሰደችኝ።

«እህቴ ኮልፌ ናት፤ ባለፈው ገበያ ከዚህ ደውዬላታለሁ» አለችኝ። «ሂጂ። አልቅሰሽ እንዳታስለቅሺኝ።»

አክስቴን አይቻት አላውቅም ነበር። እሷ ግን ከአውቶቡስ ስወርድ ገና ከሩቅ ለየችኝና እየሳቀችም እያለቀሰችም አቀፈችኝ።

«እንደምን አሉ?» አልኳት።

«ምን አሉ? አንቺ በይኝ እንጂ! አክስትሽ ነኝ ወይስ አከራይሽ?»

ቤቷ ከ18 ማዞሪያ ገባ ብሎ ነው። ምግብ ሲቀርብ አዛውንት ቆመው ካልባረኩ እጄን ለመስደድ እፈራ ነበር። አክስቴ ይህን አየች፤ ለምን ብላ አልጠየቀችም። ከዚያ ቀን ጀምሮ ማዕድ ሲቀርብ ብድግ ትልና አቡነ ዘበሰማያትን በአንድ ትንፋሽ ደግማ «በይ ብዪ፣ ወጡ ቀዘቀዘ» ትለኛለች።

ቤቴል ሰፈር የተማሪ ዩኒፎርም በሚሰፋበት ቤት ውስጥ ሥራ ያገኘችልኝም እሷ ናት። በመጀመሪያው ቀን ታክሲው ሰፈሩን አልፎ ሲሄድ እያየሁ አፌን መክፈት አቃተኝ። መጨረሻው ድረስ ሄጄ በእግሬ ተመለስኩ። ማታ ይህን ስነግራት ግቢው ውስጥ በርጩማ ላይ ቁጭ አለችና መሪ እንደያዘ ሰው እጆቿን ዘረጋች።

«ሾፌሩ እኔ ነኝ። በይ፣ ጩኺ።»

«ወራጅ አለ» አልኩ።

«አልሰማሁም! ቤቴልን አለፍን!»

«ወራጅ አለ!»

«ማነው የሚወርደው?» አለች ጎረቤታችን ከአጥሩ ማዶ። ሁለታችንም ሆዳችንን ይዘን ሳቅን። በማግስቱ ታክሲ ውስጥ ስጮህ ተሳፋሪው ሁሉ ዞሮ አየኝ። «እሺ እህቴ፣ ሰምተናል፤ ጆሮ አለን!» አለኝ ረዳቱ።

ዓመታት አለፉ። አሁን ቤቴል የራሴ ክፍልና የራሴ ሲንጀር አለኝ። ባለፈው ከፋሲካ በኋላ እናቴ ሳይታሰብ መጥታ አንድ ሳምንት አብራን ሰነበተች። ሁለቱ እህትማማቾች አልጋው ላይ ማን ይተኛ እያሉ በየቀኑ ይጣሉ ነበር። እንድትቀር ለመንኳት።

«እዚያ የተቀበረ ባል አለኝ፣ የለመድኩት ጸሎት አለኝ» አለችኝ። «አንቺ እዚህ ደህና ነሽ፤ አይቼሻለሁ።»

አልተቀየምኳትም። መናኸሪያ ሸኘናት። እዚያ ላሉት ሁሉ ሰላምታዬን እንድታደርስልኝ ነገርኳት፤ እሷም ቃል ገባችልኝ። ከዚያ ወደ አክስቴ ዞረች።

«እትዬ፣ አደራሽን፤ ልጄን።»

«አሁን ነው አደራ?» አለች አክስቴ ዓይኗን በነጠላዋ እየጠረገች። «ካሳደግኳት በኋላ!»