የጨረቃን ስም የዘለልኩበት ደብተር

ዓርብ፣ ነሐሴ 7 ቀን 2013 ዓ.ም.፣ ከንጋቱ አሥራ አንድ ሰዓት ተኩል

ኦሃዮ ውስጥ ያለው ሰፈራችን ፎረስት ፓርክ ገና አልነቃም። ነጠላዬን አጣፍቼ፣ አንድ ያረጀ ደብተር በፌስታል ጠቅልዬ የልጄ የሐና መኪና ውስጥ ገባሁ። ሐና ለዛሬ ከሥራዋ ኦፍ ወስዳለች። የምንሄደው ወደ ሜሰን ነው፤ በሰቨንቲ ዋን ሀይዌይ ወደ ደቡብ የአንድ ሰዓት ተኩል መንገድ። እዚያ ሚስተር ዲሊፕ አሉ፤ ፍቼ ዘጠነኛ ክፍል ሒሳብ ያስተማሩኝ ሕንዳዊ። ግን ፍልሰታ ነውና መጀመሪያ ኪዳን እናደርሳለን።

ሁለት ሰዓት፣ ሞርስ ሮድ

ከኪዳን መልስ የሕንድና የኔፓል ዕቃ የሚሸጥበት ሱቅ ቆምን። የከሙን ሽታ፣ እስከ ጣራ የተደረደረ የሩዝ ጆንያ፣ ጭምብሉን አገጩ ላይ ያወረደ ባለሱቅ። ባዶ እጄን መሄድ አይሆንልኝም። የሚስተር ዲሊፕ ልጅ ሚና በስልክ እንደነገረችኝ፣ በአገራቸው ትውልድ የሚያነብ ሰው ከማንበቡ በፊት ጣፋጭ ይቀምሳል። ያልተጣራ የሸንኮራ ስኳር ጠየቅሁ።

"ለሰርግ ነው?" አለኝ ባለሱቁ፣ ቡናማውን ድቡልቡል በወረቀት እየጠቀለለ።

"ለንባብ ነው።"

"የምን ንባብ?"

"የነገሥታት።"

ነጠላዬን አየት አደረገና "አራት ዶላር ነበር፤ ለነገሥታት ሦስት ይሁን" አለ።

ሦስት ሰዓት፣ ሰቨንቲ ዋን

ግራና ቀኝ በቆሎ ነው። "ማሚ፣ እስቲ ከመጀመሪያው ንገሪኝ" አለች ሐና።

የሚስተር ዲሊፕ ጎሳ ጉጃራት በሚባለው የሕንድ ክፍል፣ በጨው ሜዳ ዳር አንዲት ትንሽ ግዛት ይገዛ ነበር፤ በግመል ጠዋት ቢነሱ ማታ የምታልቅ አገር። የጎሳውን ስም እንዳልጽፍ ሚና አደራ ብላኛለች። ዓርብ ዓርብ በመጨረሻው ክፍለ ጊዜ፣ ሁላችንም የቤት ሥራ ሠርተን ከመጣን፣ ሚስተር ዲሊፕ ጠመኔያቸውን አስቀምጠው ያወሩልን ነበር። የፍቼ ጉም በተሰበረው መስኮት ይገባል፤ እኛ እጃችንን በሹራባችን እጅጌ ሰብስበን እንሰማለን። በአንድ የውሃ ጉድጓድ ተጣልተው ግዛቱን ለሁለት የከፈሉት ወንድማማቾች። ባሏ ሞቶባት፣ ሕፃን ልጇ እስኪያድግ ከመጋረጃ ጀርባ ተቀምጣ የፈረደችው ንግሥት። በድርቅ ዘመን ጎተራውን ከፍቶ፣ አልበቃ ሲለው የሚስቱን አንባር የሸጠው ራጃ። ከዚያ እንግሊዞች መጥተው መድፉን ቆጠሩ፤ ግብሩን ወሰኑ። ሕንድ ነፃ ስትወጣ ደግሞ የሚስተር ዲሊፕ አያት ፈርመው ግዛቱን አስረከቡ። የልጅ ልጃቸው ዲግሪውን ይዞ ፍቼ ድረስ እንጀራ ፍለጋ መጣ።

በዘጠነኛ ክፍል ዘመኔ የእኛም ንጉሥ ወረዱ። ሚስተር ዲሊፕ "እኔ ይህን አይቻለሁ፤ ቀድመው የሚሄዱት በረኞቹ ናቸው" አሉ። በዚያው ሰሞን፣ ጽሕፈቴ ጥሩ ስለነበር፣ "እኔ ልረሳው እችላለሁ፤ አንቺ ጻፊልኝ" ብለው ሃያ ሦስት ትውልድ በቃል ነገሩኝ። በአማርኛ ጻፍኩት። ፊደላችንን ያደንቁ ነበር እንጂ ማንበብ አይችሉም።

ደብተሩን አገር ቤት ያለችው እህቴ ከሣጥን አውጥታ የላከችልኝ ዘንድሮ ነው፤ በድሮ ተማሪዎች ግሩፕ ከሚና ጋር ከተገናኘን በኋላ። ሚስተር ዲሊፕ ከስትሮክ ወዲህ ብዙውን ረስተዋል። ጠዋት ጠዋት ግን "ባሮቱ መጣ?" ይላሉ። ባሮት ማለት ቤት ለቤት ዞሮ የጎሳውን ትውልድ የሚያነብ ነው፤ ሙያው ከአባት ወደ ልጅ ይወርዳል። የእነሱ ባሮት ሞቷል፤ መጽሐፉንም ጎርፍ ወስዶታል። የቀረው የእኔ ደብተር ነው። ሚና አባቷ ይህን ሳይሰሙ እንዳይሞቱ ትፈራለች።

"ታዲያ አንቺ ለምን ነርቨስ ሆንሽ?" አለች ሐና።

ነገርኳት። "ሃያ ሦስት ነው የነገሩኝ፤ የጻፍኩት ሃያ ሁለት ነው። የመጀመሪያው አባታችን ጨረቃ ነው አሉ። ሰው ከጨረቃ ተወለደ ብዬ በእጄ መጻፍ ኃጢአት መሰለኝና ዘለልኩት።"

መሪውን እንደያዘች በሳቅ ፈነዳች። "ማሚ! ኤዲት አደረግሻቸው?"

"ልጅ ነበርኩ።"

"የእኛ ነገሥታትስ የሰሎሞን ዘር ነን ይሉ የለ?"

"ሰሎሞን እኮ ሰው ነው!"

"ኦኬ፣ ኦኬ። ስሙ ግን ትዝ ይልሻል?"

ደብተሩን ከነፌስታሉ ጭኔ ላይ አስተካከልኩ። የጻፍኳቸውን ሃያ ሁለቱን ደብተር ካላየሁ አላስታውስም። ያልጻፍኩትን ግን አንድ ቀን እንኳ ረስቼው አላውቅም።

አራት ሰዓት ተኩል፣ ሜሰን

በር ላይ የተደረደረ ጫማ፣ ብርቱካናማ አበባ በየማሰሮው። "ዌልካም፣ አንቲ" አለች ሚና፣ እጆቿን ደረቷ ላይ ገጥማ። ጿሚ መሆኔን ስለምታውቅ ምስሩን ያለ ቅቤ ሠርታዋለች። ስኳሩም ቢሆን ጾም ይሽራልና ከዘጠኝ ሰዓት በፊት አልቀምስም አልኳት። ያ ሁሉ የነገሥታት ዘር የእኔን ሰዓት ጠበቀ።

ዘጠኝ ሰዓት

ሚና የአባቷን ራስ በቀይ ጥምጥም ጠመጠመች። ሰውነታቸው አልቋል፤ ሪዛቸው ግን አሁንም ወደ ላይ እንደተቀሰረ ነው። አላወቁኝም።

"ባሮት?" አሉ።

"አዎ፣ ፓፓ።"

ነጠላዬን ከላይ እስከ ታች አዩት። "ሴት ባሮት?"

"ምን ይደረግ፣ ኦሃዮ ነው ፓፓ።"

በሪዛቸው ስር ሳቁና በአማርኛ "ተቀመጪ" አሉኝ። ከዚያች ቃል ጋር የጠመኔው ብናኝ፣ ጉሙ፣ የሹራቤ እጅጌ ሁሉ መጣብኝ።

አማትቤ ስኳሩን ቀመስኩና ደብተሩን ገለጥኩ። "ቪራም ጃሳን ወለደ..."

እጃቸውን አነሱ። "አይደለም።"

ደግሜ ጀመርኩ። "አይደለም" አሉና ፊታቸውን ወደ መስኮቱ አዞሩ።

ሚና ደነገጠች። "ደክሟቸው ነው፣ አንቲ። ሌላ ቀን ይሁን።" ሌላ ቀን እንደሌለ ሁለታችንም እናውቃለን።

ደብተሩን ዘጋሁት። ጌታዬ ሆይ፣ አልኩ በልቤ፣ ይህ የእሳቸው ቃል ነው እንጂ የእኔ እምነት አይደለም፤ የሰው አደራ መብላትም ኃጢአት ነው።

"መጀመሪያ ቻንድራ ነበረ" አልኩ ጮክ ብዬ፣ "ጨረቃው። ቻንድራ ቪራምን ወለደ።"

"ሃ" አሉ፣ ከመስኮቱ ሳይዞሩ።

"አዎ ማለት ነው፤ ሰሚው ለየስሙ እንዲህ ብሎ ይቀበላል" አለችኝ ሚና በሹክሹክታ። እንባዋ እየወረደ ነው። ደብተሩን መልሼ ገለጥኩት።

ቪራም ጃሳን ወለደ። "ሃ።" ጃሳ ሜራማንን ወለደ። "ሃ።" ቅዳሴ ላይ የጌታ ትውልድ ሲነበብ እንደምሰማው አድርጌ፣ ሳልቸኩል አነበብኩ። ጉድጓዱ ላይ የተጣሉት ወንድማማቾች ዘንድ ስደርስ ፈገግ አሉ። የመጋረጃዋ ንግሥት ልጅ ሲጠራ ጣታቸው የወንበሩን እጀታ መታ መታ አደረገ። ሃያ ሦስተኛው ራሳቸው ናቸው።

"...ዲሊፕን ወለደ።"

"ሃ።"

ጽሑፌ አለቀ። እሳቸው ግን አሁንም ይጠብቃሉ። ሚና ራሷን ነቀነቀችብኝ። "ከዚህ በኋላ የለም፣ አንቲ። ወንድም የለኝም። ሴት ልጅ ደግሞ መጽሐፉ ላይ አትገባም።"

ይህን የምትለኝ ጥምጥሙን የጠመጠመችላቸው፣ ጠዋት ገላቸውን የምታጥባቸው ልጅ ናት። ድሮ ማንንም ሳላስፈቅድ አንድ ስም ቀንሻለሁ።

"ዲሊፕ ሚናን ወለደ" አልኩ።

ኤሲው ብቻ ያጉረመርማል። ሚስተር ዲሊፕ ቀስ ብለው ከመስኮቱ ዞሩ፤ መጀመሪያ እኔን፣ ቀጥሎ ልጃቸውን አዩ።

"ሃ" አሉ።