ግቤ በረሃ ላይ እምቢ ያልኩት ውሃ

ባለፈው ቅዳሜ ልጄ ዳዊት ሊያገባት ያሰባትን ልጅ ለመጀመሪያ ጊዜ ወልቂጤ ድረስ ይዟት መጣ። ሃና ትባላለች። አዲስ አበባ ተወልዳ ያደገች፣ ፈገግታዋ ቶሎ የሚመጣ ልጅ ናት። ቦርሳዋን ጭኗ ላይ አድርጋ ሶፋው ጫፍ ላይ ቁጭ አለች። እኔም የመንገዱን፣ የቤተሰቧን፣ የሥራዋን ወሬ ጠይቄ ጠይቄ ሲበቃኝ አንድ ብርጭቆ ውሃ ቀድቼ አቀረብኩላት።

"አይ፣ ደህና ነኝ እትዬ፣ አይቸገሩ" አለችኝ።

እሺ ብዬ ብርጭቆውን ይዤ ወደ ጓዳ ተመለስኩ። የዛሬ ልጆች የፈለጉትን ይናገራሉ፣ እምቢ ካሉም እምቢ ነው አልኩ በልቤ። ብርጭቆውን ላስቀምጥ ስል ግን ፊቴ ጋለ። ይህንኑ ቃል እኔም ብዬው አውቃለሁ። ባለቤቴ ሽብሩ ያንን ቀን ሰው ፊት ሲያነሳብኝ እስካሁን ድረስ ሰበብ ፈልጌ ከቤት እወጣለሁ።

የሽብሩ ሽማግሎች ቡታጅራ እኛ ቤት መጥተው አባቴ እሺ ካለ ብዙም አልቆየም። ሠርጉ ከፋሲካ በኋላ ተባለ። ሽብሩ ያኔ መርካቶ ከአጎቱ ጋር ሱቅ ይሠራል፤ ለጥምቀት ወልቂጤ ሲመጣ የአዲስ አበባ ዘመዶቹም ተከትለውት መጡ። እነሱ ደግሞ አገር ቤት መጥተው አርፎ መቀመጥ አይሆንላቸውም። "ግቤ በረሃን እንየው፣ ጉማሬ አለ ይባላል" አሉና ሚኒባስ ተኮናተሩ። እግረ መንገዷንም እጮኛይቱ ከቤተሰቡ ጋር ትተዋወቅ ተባለና እኔ ተጠራሁ። አባቴ ትንሽ አንገራገረ፤ ኋላ ወልቂጤ ያለችው እህቱ ዘንድ እንዳርፍ ተስማምቶ ለቀቀኝ።

እናቴ ልብሴን እያጣጠፈች መከረችኝ።

"ስሚኝ ሙሉ፣ አማት ዓይኗ ያለው እጅሽና አፍሽ ላይ ነው። መጀመሪያ ሲሰጡሽ አይ በይ። ሲደግሙሽም አይ በይ። በሞቴ ብለው ሲለምኑሽ ያኔ ትንሽ ቅመሺ። ደግሞ ውሃ አታብዢ፤ በረሃ ላይ ሽንት ቤት የለም፣ ወንድ መሃል ቁጢጥ ልትዪ ነው?"

"እሺ እማዬ።"

"ዝም ባለ አፍ ዝንብ አይገባም።"

እውነቷን ነው፣ ዝንብ አይገባም። ውሃም እንደማይገባ ግን አልነገረችኝም።

በእርሷም አልፈርድ። እኛ ቤት በመጀመሪያው ግብዣ እጁን የሚዘረጋ ሰው አልነበረም። እንግዳ እምቢ ይላል፣ ባለቤት ይለምናል፤ እንግዳ ጠገብኩ ይላል፣ ባለቤት እኔ ልሙት ብሎ ይምላል፤ ከዚያ በኋላ ይበላል። ሁለቱም ወገን ሕጉን ስለሚያውቅ ተርቦ የሚነሳ የለም። እኔ ደግሞ ዓለም በሙሉ በዚህ ሕግ የሚተዳደር ይመስለኝ ነበር።

ከቡታጅራ በአረቅጥ በኩል ስመጣ ብርዱ አጥንት ይሰብራል። ለዚያ ብርድ ብዬ የደረብኩትን ወፍራም ሹራብ በማግስቱም ሳላወልቀው ከእነ ሽብሩ ጋር ሚኒባስ ውስጥ ገባሁ፤ ከሥሩ ያለው ቀሚሴ እጅጌ የለውም። ከወልቂጤ ወጥተን ወደ ግቤ ቁልቁል ስንወርድ አየሩ በየመታጠፊያው እየጋለ ሄደ። መስኮት ሲከፈት የሚገባው ነፋስ የምድጃ አፍ ላይ እንደመቆም ነበር። ሁሉም ሰው ካፖርቱን፣ ሹራቡን ያወልቃል። እኔ እስከ አንገቴ ቆልፌ ተቀምጫለሁ፤ ጨዋ ልጅ!

አስጎብኚያችን ናስር የሚባል የአካባቢው ሰው ነበር። ቀጭን፣ ፈጣን፣ ወሬ የማያበዛ። ከአስፋልቱ ወርደን ወደ ወንዙ የሚወስደውን የእግር መንገድ ከመጀመራችን በፊት ቢጫ ጄሪካኑን ከትከሻው አወረደ።

"በደንብ ጠጡ። ወላሂ፣ ይሄ ፀሐይ አይምርም። ወንዙን ደግሞ ማየት እንጂ መጠጣት የለም" አለ።

ኩባያው እየዞረ እኔ ዘንድ ደረሰ።

"አንቺስ እህቴ?"

"አይ፣ ደህና ነኝ፣ አትቸገር።"

"እሺ" አለና ክዳኑን ጠምዝዞ ዘጋው።

እሺ! እሺ ይባላል እንዴ? እኔ እኮ እጄን ከሹራቡ እጅጌ አውጥቼ ሁለተኛውን ጥያቄ እየጠበቅኩ ነበር። ናስር ጄሪካኑን ተሸክሞ ቁልቁለቱን ጀመረው። ክፋት አልነበረበትም፤ በረሃ የለመደ ሰው በውሃ አይቀልድም፣ የጠማው ይጠጣል፣ ያልጠማው ይተዋል። የሽብሩ እናት እትዬ ዘነበች ያን ጊዜ ከመኪናው ኋላ ምሳውን ሲያወርዱ ስለነበር አላዩኝም።

ቦታውስ ያምራል፤ መዋሸት አይገባም። ግራር በግራር የሆነው ገደል፣ የተሰነጣጠቀው መሬት፣ ከታች ቡናማ ሆኖ የሚጥመለመለው ወንዝ፣ ከማዶ የጅማ ወገን ተራራ። ዝንጀሮዎች ድንጋይ ላይ ተቀምጠው እንደ ዳኛ ያዩናል። ናስር በጣቱ እያመለከተ "ያውና፣ ጆሮው ብቻ የወጣው" ሲል ሁሉም ይንጫጫል። ጉማሬ አይተናል አሉ። እኔ ያየሁት ጄሪካኑን ነው።

አንድ ትልቅ ዛፍ ሥር ጥላ ተገኘና ምሳ ተዘረጋ። ለብለብ ክትፎ፣ አይብ፣ ጎመን፣ ቆጮው በኮባ ቅጠል ተጠቅልሎ። እኔ ጠገብኩ፣ አሁን በልቼ ነው የወጣሁት እያልኩ ጫፍ ጫፉን ነካሁ። እትዬ ዘነበች ይህን አይተው የጡጫ ያህል ጉርሻ ጠቀለሉልኝ።

"በሞቴ፣ ልጄ።"

የአማት ጉርሻ አይመለስም። ጎረስኩት። "አንድ ያጣላል" ብለው ደገሙኝ። ሚጥሚጣው እስከ ጆሮዬ ነደደ። ሽብሩ ከወንዶቹ መሃል ኩባያውን ሞልቶ አየኝ፤ አሁን ያቀብለኛል አልኩ። ግን እሱም ያው እንደ እኔ አፋር ነው፤ ዘመድ ፊት እጮኛውን ማባበል አሳፈረውና ውሃውን ለአክስቱ ለብዙነሽ አቀበለ። እኔ ተነስቼ "ውሃ ስጡኝ" ብል ምን እሆን ነበር? ምንም። ያን ቀን ግን ከዚያ ቃል ጉማሬው መሃል መግባት ይቀለኝ ነበር።

ስንመለስ ዳገቱ ላይ ድንጋዩ ሁሉ ይወዛወዝብኝ ጀመር። ምላሴ ላንቃዬ ላይ ተጣብቋል። ናስር "ሹራቡን አውልቂው እንጂ!" ሲል ሰማሁት። ከዚያ ወዲያ የማውቀው ነገር የለም። በኋላ እንደነገሩኝ በጋቢ ተሸክመውኛል፤ አራት የሽብሩ ዘመዶች፣ ጫፍ ጫፉን ይዘው፣ እንደ ሬሳ።

ስነቃ ሚኒባሱ ውስጥ ነኝ። ራሴ እትዬ ዘነበች ጭን ላይ ነው፤ ነጭ ነጠላቸው ላይ አስመልሼበታለሁ። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ ብዬ ዓይኔን መልሼ ጨፈንኩ። ምነው ጆሮም በተጨፈነ! አክስት ብዙነሽ ከኋላ ወንበር ትንሾካሾካለች።

"ዘነበች፣ አዞራት፣ ምግብ እምቢ አለች፣ አሁን ደግሞ አስመለሳት። ሹራቧንም በዚህ ሙቀት አላወልቅም ብላለች፣ ሆዷን ትሸፍናለች እኮ። እኔ የለሁበትም፤ ግን አይታችኋል?"

"ዝም በይ አንቺ ሴትዮ።"

"እሺ ዝም። ሽብሩ ግን የከረመው አዲስ አበባ ነው።"

በጨፈንኩት ዓይኔ በኩል አሾልቄ አየሁ፤ ሽብሩ ፊት ወንበር ላይ ተቀምጧል፣ አንገቱ ወደ ኋላ አልዞረም። እጄን እንኳ ይዞ አያውቅም፤ አርግዣለሁ ከተባለ የሌላ ሰው ነው ማለት ነው። ሠርጉ ቀረ። አባቴ ቡታጅራ ገበያ ላይ አንገቱን ደፍቶ ሲሄድ ታየኝ። ምን ልበል? አላረገዝኩም ብል፣ እንዲህ ያለ ነገር ከአፌ ሊወጣ ነው፣ ያውም ወንዶች በተሰበሰቡበት። ውሃ ጠምቶኝ ነው ብል፣ ጋባዥዋን ውሃ ነፈገችኝ ብሎ መስደብ ነው። እንባዬ እንኳ አልመጣም፤ ለእንባም ውሃ ያስፈልጋል።

ወልቂጤ እንደገባን ክሊኒክ ወሰዱኝ። ነርሷ ሰው ውጡ ሳትል በሁሉም ፊት "ወር አበባሽ መቼ መጣ?" አለችኝ። ወንዶቹ ግድግዳ ግድግዳ አዩ። ቀኑን ነገርኳት፤ ድምፄ የእኔ አይመስልም። የእጄን ቆዳ ቆንጥጣ ያዘችና ለቀቀችው።

"ዛሬ ምን ያህል ውሃ ጠጣሽ?"

ዓይኔን ከእትዬ ዘነበች አሸሸሁ።

"ይቺ ልጅ ደርቃለች" አለች ወደ እነሱ ዞራ። "በረሃ ወስዳችሁ ውሃ አትሰጧትም እንዴ?"

ደስ ሊለኝ በተገባ፤ ስሜ ነጻ ወጥቷል። ግን እትዬ ዘነበችን አየኋቸው። እኚያ በር ላይ ያለፈውን መንገደኛ ሁሉ አስገብተው የሚያበሉ ሴት የነጠላቸውን ጫፍ አፋቸው ላይ አድርገው ቆመዋል። ግሉኮሱ ተሰክቶልኝ ሁሉም ሲወጣ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጡ።

"ከእኔ ጋር ውለሽ? እኔን ምን አድርገሽ ነው የገመትሽኝ፣ ልጄ? ውሃ የምነሳ ሴት?"

"አፍሬ ነው፣ እትዬ።"

"አንቺ አፈርሽና እኔን አዋረድሽኝ።"

እንዲህ ያለ ነገር በዚያው ቢቀር ጥሩ ነበር፤ ግን ወልቂጤ ትንሽ ከተማ ናት፣ "ዘነበች ዘንድ የዋለች ልጅ በውሃ ጥም ወደቀች" ተባለ። የእኔ ጨዋነት የእርሳቸውን ስም በላ።

ሠርጉ በቀኑ ሆነ። እኔን ሙሽራይቱን ይዘው ሲገቡ እትዬ ዘነበች በራፍ ላይ ጠበቁኝ፣ እጃቸው ላይ አንድ ብርጭቆ ውሃ። "መጀመሪያ ይሄን" አሉኝ። ሰው ሁሉ በሳቅ ፈረሰ፤ እልልታውን ያቀለጠችው ደግሞ አክስት ብዙነሽ ናት። ቬሌን ገልጬ እስከ ጭላጩ ጠጣሁ። ከዚያ በኋላ እስኪሞቱ ድረስ ቤታቸው በገባሁ ቁጥር ትጠጫለሽ ወይ ብለው አልጠየቁኝም፤ ዝም ብለው እጄ ላይ ያስቀምጡታል። ቀልድ ይሁን ቂም፣ ወይም ፍቅር፣ ደፍሬ አልጠየቅኩም። ሽብሩን ግን አንድ ቀን "የብዙነሽን ነገር አምነህ ነበር?" አልኩት። "እኔ እኮ ያፈርኩት ኩባያውን ላንቺ ስላልሰጠሁ ነው" አለኝ። ግማሹን አምኜዋለሁ።

እና አሁን እኔው አማት ልሆን ነው፤ አንድ "አይ" ሰምቼ እንደ ናስር ክዳን ልዘጋ! ብርጭቆውን መልሼ አንስቼ ሳሎን ገባሁ።

"በሞቴ ሃና፣ አንድ ጊዜ ፉት በይልኝ።"

"ኧረ ደህና ነኝ እትዬ፣ እውነቴን ነው።"

"እኔ ልሙት!"

ብርጭቆውን ተቀበለችኝ፤ ግን አልጠጣችም። ዳዊትን አየችው፣ ዳዊት ስልኩን ያያል። ጆሮዋ ቀላ። ጎንበስ ስልላት በሹክሹክታ፦

"እትዬ... ሽንት ቤቱ በየት በኩል ነው?"

እኔን ይድፋኝ! ከአዲስ አበባ ጀምሮ ይዛው መጥታ፣ እኔ የአያቷን አገር ስጠይቃት፣ እሷ እግሯን አጣምራ በፈገግታ ስትመልስልኝ። እኔ ብሆን ኖሮ የምጠብቀው ውሃውን ነበር፤ የእናቴን ምክር ሁለተኛውን ግማሽ፣ የሽንት ቤቱን፣ ረስቼዋለሁ። ያን ሁሉ ዓመት አፍሬ አፍሬ የተማርኩት ግማሹን ብቻ ኖሯል። እጇን ይዤ በጓሮ በኩል ወሰድኳትና ብርጭቆውን ይዤ ደጅ ቆምኩ። እትዬ ዘነበች ቢያዩኝ ምን ይሉኝ ነበር?

ስትወጣ ውሃውን ያለ ልመና ተቀብላ ጭልጥ አደረገችው።

"ልድገምሽ?" አልኳት።

"ይድገሙኝ" አለች፣ በመጀመሪያው ጥያቄ።