ሽንኩርት ላይ የተቀመጠ ባለድርሻ

ከኮሮና በፊት ባለው ዓመት ሪያድ፣ ጉበይራ ሰፈር ውስጥ ከእህቴና ከባሏ ጋር ለሦስት እኩል የያዝናት በቃላ ነበረችን፤ ከሻማ እስከ ሽንኩርት የሚገኝባት ጠባብ ሱቅ። በወረቀት የከፊላችን፣ የሳዑዲው ስፖንሰራችን ንብረት ስለነበረች፣ ከሦስታችን አንዱ ቢበደል ፍርድ ቤት ሄዶ የሚያስረዳው ነገር አልነበረውም።

በቃል እኩል ነበርን። በፒክአፓችን ግን አልነበርንም። ጋቢናው የሚይዘው ሁለት ሰው ነው። ጠዋት ጠዋት ከአትክልት ተራ ስንመለስ የእህቴ ባል ይነዳል፣ እህቴ አጠገቡ ትቀመጣለች፣ እኔ ከኋላ ሽንኩርቱ ላይ። ትራፊክ ፖሊስ ከታየ ሸራ እለብሳለሁ። በሪያድ ከተማ ሸራ ለብሶ የሚዞር ባለድርሻ ከእኔ ሌላ የነበረ አይመስለኝም።

ታዲያ የሱቁ ጉዳይ ሁሉ የሚወሰነው እዚያው ጋቢና ውስጥ ነበር። ጉበይራ ስንደርስ ሰውየው ይወርድና ሱሪውን ከፍ አድርጎ "ተስማምተናል" ይላል። በሩ አረንጓዴ እንዲቀባ እንዲህ ተስማማን። እኔ ያስመጣሁት እንቁላል እንዲቀርም ተስማማን። ማን ነው የተስማማው ስለው፣ አንተስ መኪናው ላይ አልነበርክም ወይ ይለኛል። ነበርኩ፤ ሽንኩርቱ ላይ።

አንድ ቀን አንድ ጆንያ አሸከመኝና፣ "ከዛሬ ጀምሮ ተቀጣሪ እንድትሆን ተስማምተናል" አለኝ። እህቴ አጠገቡ ቆማ አዛጋች። ንቀት መሰለኝ። ለነጋዴ ያቺን ማዛጋት ማለፍ ትልቅ ስህተት ነበር።

ፉጣ የሚባለው ሰፈር የሚኖሩ፣ የአገራችንን ሰው የሚያስታርቁ ሽማግሌ ልብስ ሰፊ ነበሩ። እሳቸው ጋ ሄድኩ። ገና ሳልቀመጥ የተባልከውን ተቀበል አሉኝ። የእህቴ ባል ቀድሞ ደውሏል።

"ጋሼ፣ እኔን እኮ አልሰሙኝም።"

"ያንተንም እሱ ነግሮኛል" አሉ፣ መርፌ ውስጥ ክር እያስገቡ። "ደህና አድርጎ ነው የነገረልህ።"

"ጋሼ፣ አንድ እግር ብቻ ለክተው ሱሪ ሰፍተው ያውቃሉ?"

መርፌውን አስቀመጡ። ያላ፣ በል እንግዲህ፣ አርብ ሦስታችሁም ኑ አሉኝ።

አርብ ሦስታችንም የጨርቅ ጥቅል ላይ ተደረደርን። መጀመሪያ እሱ ተናገረ፣ ቀጥሎ እኔ። እንዲሰሙኝ ከኋላ የጋቢናውን መስታወት ስደበድብ እንደምመጣ ነገርኳቸው። እሱ ድብደባውን መስማቱን አልካደም፤ መስማማቴ መስሎት ነው። ደግሞስ እኛ ሁለት፣ እሱ አንድ፣ ቢቃወምስ ምን ሊያመጣ አለ።

ሽማግሌው ወደ እህቴ ዞሩ። "አንቺስ ልጄ፣ ያን ቀን ምን አልሽ?"

እህቴ ባሏን አየች፣ ከዚያ መሬቱን። "እኔ እንጃ ጋሼ። ተኝቼ ነበር።"

የበሩ ቀለም ሲወሰንስ? ተኝታለች። እንቁላሉስ? ተኝታለች። በጨለማ ስለምንነሳ መኪናው ከተንቀሳቀሰ ጀምሮ እንቅልፍ ይወስዳታል። ስትነቃ ባሏ ተስማምተናል ሲል፣ ከእኔ ጋር የተስማማ ይመስላት ነበር። እኔ ደግሞ ከእሷ ጋር።

"ራሷን እየነቀነቀች ነበር እኮ" አለ ሰውየው።

"መንገዱ ነዋ የሚነቀንቀኝ" አለች እህቴ። "ወንድሜን ተቀጣሪ ማድረግ ደግሞ፣ ኸላስ፣ በቃ፣ አልስማማም።"

ሽማግሌው መነጽራቸው እስኪወልቅ ሳቁ። ጋቢና ውስጥ የተወሰነው በሙሉ ወደቀ። ከእንግዲህ ስብሰባ ሱቁ ውስጥ፣ ቆመን፣ ሁላችንም ፊታችንን ታጥበን፣ እያንዳንዱ ተናግሮ እስኪጨርስ ይሁን ብለው አሰናበቱን።

በማግስቱ የመጀመሪያውን ስብሰባ አደረግን። ጋቢናውን በየተራ እንድንቀመጥበት ሐሳብ አቀረብኩ። ፊታቸውን ታጥበው፣ ሳያቋርጡ፣ እስክጨርስ ሰሙኝ። በሕይወቴ እንደዚያ ተሰምቼ አላውቅም። ከዚያ እህቴ ሽንኩርት ላይ እንቅልፍ እንደማይወስዳት አስረዳች፣ ባሏ ደገፋት፣ ሁለት ለአንድ ተሸነፍኩ።

ተመልሼ ሽንኩርቴ ላይ ወጣሁ፤ ባለድርሻ ሆኜ።